ባሕር ወለዳት፣ ወፎች አለበሷት፦ ሱርትሴይ የተባለችው ደሴት እንዴት ለመለመች?

«ሰው አልባ ደሴት» ሲባል ብዙዎቻችን ጆሮ ላይ የሚቀረው «አልባ» የምትለዋ ቃል ናት። ሰው ከሌለ ምንም የለም ብለን እንደመድማለን። ስለ ወፎችም ስናስብ ቅደም ተከተሉን እንገለብጠዋለን፦ መጀመሪያ ሣር በቀለ፣ ዛፍ አደገ፣ ከዚያ በኋላ ወፎች ጥላና ምግብ ፍለጋ መጡ እንላለን።

ከአይስላንድ በስተደቡብ ባሕር ላይ የቆመች አንዲት ትንሽ ደሴት ይህን አስተሳሰብ ከሥሩ ታስለውጣለች። ስሟ ሱርትሴይ ነው። ሰው አይኖርባትም፤ እንዲኖርባትም አይፈቀድም። ዕድሜዋ ከብዙ አንባቢዎች ወላጆች ዕድሜ ያነሰ ነው። እዚያ ላይ ዛሬ የሚታየው ልምላሜ ወፎችን አልጠራቸውም፤ ወፎቹ ናቸው ልምላሜውን ያመጡት። ያመጡትም በክንፋቸው፣ በሆዳቸውና፣ ነገሩን በስሙ ለመጥራት፣ በኩሳቸው ነው።

ይህ እንዴት እንደሆነ ደረጃ በደረጃ እንመልከት። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ደሴቷ ከየት መጣች?

ኖቬምበር 14 ቀን 1963 ማለዳ «ኢስሌይፉር 2» የተባለች የዓሣ ማጥመጃ ጀልባ ሠራተኞች ከባሕሩ ላይ ጥቁር ጭስ ሲወጣ አዩ። መጀመሪያ ሌላ ጀልባ በእሳት ተያይዞ መሰላቸው። ለእርዳታ ሲጠጉ ግን የሚቃጠል ጀልባ አልነበረም፤ የሚፈላው ባሕሩ ራሱ ነበር። 130 ሜትር ያህል ጥልቀት ካለው የባሕር ወለል ላይ እሳተ ገሞራ ፈንድቶ ነበር።

በማግስቱ ከውኃው በላይ አንድ ጉብታ ብቅ አለ። ፍንዳታው ቀጠለ፤ ሙሉ በሙሉ ያበቃው ከሦስት ዓመት ተኩል በኋላ፣ ጁን 5 ቀን 1967 ነው። ያን ጊዜ ደሴቷ 2.65 ካሬ ኪሎ ሜትር ስፋት ነበራት። አይስላንዳውያን በጥንት አፈ ታሪካቸው ውስጥ ከሚታወቀው ሱርትር ከተባለው የእሳት ግዙፍ ሰው ስም ወስደው «ሱርትሴይ»፣ የሱርትር ደሴት፣ አሏት።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ማለት ያስፈልጋል። በባሕር ውስጥ የሚፈነዳ እሳተ ገሞራ ሁሉ ደሴት አይሆንም። ትኩሱ ቅልጥ ዓለት ከቀዝቃዛው ውኃ ጋር ሲገናኝ ተፈረካክሶ አመድ ይሆናል፤ አመድ ደግሞ ማዕበል ሲመታው እንደ አሸዋ ክምር ይናዳል። በዚያው ፍንዳታ ወቅት ከሱርትሴይ አጠገብ ሲርትሊንጉር እና ዮልኒር የተባሉ ሁለት ትናንሽ ደሴቶች ብቅ ብለው ነበር። ሁለቱንም ባሕሩ በላቸው። ሱርትሴይን ያተረፋት በ1964 ላቫ የሚባለው ፈሳሽ ቅልጥ ዓለት ከአፏ እየወጣ አመዱን መሸፈን መጀመሩ ነው። ላቫው ሲቀዘቅዝ ጠንካራ ቅርፊት ሆነ፤ ማዕበሉም እንደ አመዱ በቀላሉ ሊንደው አልቻለም።

ታዲያ ያን ጊዜ የቀረችው ደሴት ምን ትመስል ነበር? ጥቁር ላቫ፣ ጥቁር አሸዋ፣ ግራጫ አመድ። አንድ እፍኝ አፈር የለም። አንድ ቅጠል የለም።

ሰው እንዳይገባ ለምን ተከለከለ?

ሳይንቲስቶች ወዲያውኑ የገባቸው ነገር ነበር። ባዶ ምድር ላይ ሕይወት እንዴት እንደሚጀምር ከመጀመሪያዋ ቀን አንስቶ ማየት የሚቻልበት ቦታ በዓለም ላይ እጅግ ጥቂት ነው። ስለዚህ ፍንዳታው ገና ሳያበቃ፣ በ1965፣ ደሴቷ በሕግ የተጠበቀች ሆነች። ፈቃድ ካላቸው ጥቂት ተመራማሪዎች በስተቀር ማንም አይረግጣትም። እነሱም ቢሆኑ ዘር በጫማቸውና በልብሳቸው ይዘው እንዳይገቡ ይጠነቀቃሉ። በ2008 ደግሞ ዩኔስኮ በዓለም ቅርስነት መዘገባት።

አንዳንድ ሰው ይህን ሲሰማ ጥበቃው የተጋነነ ይመስለዋል። ግን በአንድ ወቅት ተመራማሪዎች በላቫው መካከል የማያውቁት ለምለም ተክል አገኙ። ቀርበው ሲያዩት ቲማቲም ነበር። ቲማቲም ሰሜን አትላንቲክን አቋርጦ በራሱ አይመጣም። ከእነሱ በፊት የነበረ ሰው እዚያው ተጸዳድቶ ነበር፤ የበላው ቲማቲም ዘር በሆዱ ውስጥ ሳይፈጭ አልፎ፣ በዓይነ ምድሩ ለምልሞ በቀለ። ተክሉን ከነአፈሩ ነቅለው ወሰዱት።

ይህችን ታሪክ ያዙልኝ፤ ወፎቹ ጋ ስንደርስ እንመለስባታለን። ዘርና ማዳበሪያ በአንድ ላይ፣ በአንድ ሆድ ተሸክሞ መምጣት ማለት ምን ማለት እንደሆነ ከዚህ የበለጠ የሚያሳይ ምሳሌ አላውቅም።

ዘር ከደረሰ በኋላ ለምን አልለመለመም?

ዘርስ ቀድሞ ደርሶ ነበር። በ1965፣ ፍንዳታው ገና ጨርሶ ሳያበቃ፣ በባሕር ዳርቻው አሸዋ ላይ የመጀመሪያዋ ተክል ተገኘች፦ በጨዋማ አሸዋ ላይ የምትበቅል፣ ዘሯ በውኃ ላይ መንሳፈፍ የሚችል፣ ወፍራም ቅጠል ያላት ትንሽ ተክል። ከዚያ በኋላ ባሉት ሃያ ዓመታት ወደ 20 የሚጠጉ የዕፅዋት ዓይነቶች እየመጡ ታዩ። ብዙዎቹ ግን አልቆዩም። አንዱ በክረምቱ ማዕበል ይወሰዳል፤ ሌላው ጥቂት ቅጠል አውጥቶ ይጫጫል። ከሩቅ ለሚያያት ደሴቷ አሁንም ጥቁር ነበረች።

ምን ጎደላት? ውኃ አልጎደላትም፤ አካባቢው ዝናባማ ነው። ብርሃንም አልጎደላትም፤ በዚያ አካባቢ የበጋው ቀን እጅግ ረጅም ነው። የጎደላት ናይትሮጅን ነው።

ናይትሮጅን ማለት ተክል ቅጠሉንና ግንዱን የሚሠራበት ዋነኛ ንጥረ ነገር ነው። ገበሬ ማሳው ላይ ፍግ የሚበትነው፣ የፋብሪካ ማዳበሪያም የሚገዛው፣ በዋናነት ለዚህ ነው። የሚገርመው፣ ከምንተነፍሰው አየር 78 ከመቶው ናይትሮጅን ነው። ተክሎች ግን ይህን የአየር ናይትሮጅን በቀጥታ መጠቀም አይችሉም። የተቆለፈ ጎተራ አጠገብ እንደቆመ ረኃብተኛ ናቸው፦ እህሉ አለ፣ ቁልፉ የለም። ቁልፉን የሚከፍቱት የተወሰኑ ረቂቅ ተሕዋስያንና በጥቂቱም መብረቅ ናቸው። አሮጌ አፈር ለዘመናት የበሰበሰ ቅጠልና ሥር ስላለው ናይትሮጅን አጠራቅሟል። ትናንት የቀዘቀዘ ላቫ ግን ምንም የለውም። ሌሎች ማዕድናት በዓለቱ ውስጥ አሉ፤ ናይትሮጅን ግን ከላቫ ዓለት አይገኝም ማለት ይቻላል።

ስለዚህ ሱርትሴይ ላይ የሚያርፍ ዘር ሁሉ ዕጣው ተመሳሳይ ነበር፤ በዘሩ ውስጥ የያዘችውን ስንቅ እስክትጨርስ ትበቅላለች፣ ከዚያ ትራባለች። የሚቀጥለው ጥያቄ እንግዲህ ናይትሮጅኑን ከየት ማምጣት ይቻላል የሚለው ነው። መልሱ በዙሪያዋ ነበር። ባሕሩ በዓሣ የተሞላ ነው፤ የዓሣ ሥጋ ደግሞ ብዙ ናይትሮጅን አለው። የቀረው ከባሕሩ አውጥቶ ወደ ላቫው የሚያጓጉዝ ብቻ ነበር።

የባሕር ወፎች ለምን ደሴት ይመርጣሉ?

የባሕር ወፍ የምንለው ምግቡን ከባሕር የሚያገኝ፣ አብዛኛውን ዕድሜውን ውኃ ላይ ወይም ከውኃ በላይ በመብረር የሚያሳልፍ ወፍ ነው። ጨዋማ ውኃ ይጠጣል፤ ከዓይኑ በላይ ያለ ልዩ ዕጢ ትርፉን ጨው አጣርቶ በአፍንጫው በኩል ያስወጣለታል። ከመሬት ጋር የሚያገናኘው አንድ ጉዳይ ብቻ ነው ማለት ይቻላል፦ እንቁላል። ውኃ ላይ እንቁላል መጣል አይቻልም።

አብዛኞቹ የባሕር ወፎች ደግሞ እንቁላላቸውን የሚጥሉት ዛፍ ላይ አይደለም። መሬት ላይ፣ በድንጋይ ስንጥቅ፣ በጉድጓድ ወይም በገደል ጠርዝ ነው። ቀበሮ፣ ድመት ወይም አይጥ ባለበት ምድር ይህ ማለት ምግብ በሳህን ማቅረብ ነው። ስለዚህ እነዚህ ወፎች በብዙ ሺህ ዓመታት ውስጥ አራት እግር ያለው አዳኝ ሊደርስበት የማይችል ቦታ መምረጥን ተማሩ። ያ ቦታ ትንሽ፣ ከዋናው ምድር የራቀ ደሴት ነው።

ምርጫቸው ጥሩ ነው፤ ነገር ግን ዋጋ አለው። ጠላት በሌለበት ስለኖሩ፣ ጠላት ሲመጣ ምን ማድረግ እንዳለባቸው አያውቁም። እንቁላል የታቀፈች ወፍ አይጥ ሲቀርባት ተነሥታ ላትሸሽ ትችላለች። ይህን በኋላ እናየዋለን።

ወፎቹ ሲሰፍሩ ምን ተለወጠ?

ሱርትሴይ ላይ የመጀመሪያዎቹ ወፎች እንቁላል የጣሉት በ1970 ነው። ፉልማር እና ጊልሞት ይባላሉ፤ ሁለቱም ገደል ወዳድ ናቸው። ፉልማር በዓመት አንድ እንቁላል ብቻ ይጥላል፤ ዕድሜው ግን ረጅም ነው፣ ከ40 ዓመት በላይ ሊኖር ይችላል። ጎጆው የሚቀርበውንም ከሆዱ በሚተፋው የሚገማ ዘይት ያባርራል። እነዚህ ወፎች ኩሳቸው በአብዛኛው በገደሉ ላይ ስለሚቀር የደሴቷን ሜዳ ብዙም አልለወጡትም።

ለውጡ የመጣው ከጋሎች ጋር ነው። ጋል ማለት በብዙ የዓለም ወደቦች የሚታየው፣ ነጭ ደረትና ግራጫ ወይም ጥቁር ክንፍ ያለው ትልቅ የባሕር ወፍ ነው። ከ1974 ጀምሮ አንድ ሁለት ጥንዶች እየመጡ ነበር። በ1986 ግን በደቡቡ የላቫ ሜዳ ላይ አንድ ላይ ተሰባስበው ሠፈር መሠረቱ። በኋላ ቁጥራቸው በመቶዎች የሚቆጠሩ ጥንዶች ደረሰ።

አንድ ጎጆ ቀረብ ብለን እንይ። ጋሏ በላቫው ላይ ትንሽ ጎድጎድ ያለች ቦታ ትመርጣለች። ካገኘችው ደረቅ ሣርና ላባ ታነጥፍበታለች፤ አካባቢው ባዶ ከሆነ ሣሩን ከሩቅ በአፏ ይዛ ትመጣለች። ብዙውን ጊዜ ሦስት እንቁላል ትጥላለች፤ እናትና አባት እየተፈራረቁ አራት ሳምንት ያህል ይታቀፏቸዋል። ከዚያ ጫጩቶቹ ይፈለፈላሉ፣ ረኃቡም ይጀምራል። ትልቁ ወፍ ቢጫ ምንቃር ጫፍ አካባቢ ቀይ ነጥብ አለ። ጫጩቱ ገና እንደተፈለፈለ ያንን ቀይ ነጥብ በምንቃሩ ደጋግሞ ይመታል። በዚህ ጊዜ ወላጁ በጉሮሮው ይዞት የመጣውን ዓሣ መሬት ላይ ይተፋለታል። ጫጩቱ ይበላል። ጥቂቱ ይረግፋል። ከሰዓታት በኋላ ያ ጫጩት፣ እናቱና አባቱ ያን ዓሣ በነጭ ኩስ መልክ እዚያው ላቫው ላይ ይጥሉታል። ጫጩት ይሞታል፤ ሬሳው እዚያው ይበሰብሳል። ያልተፈለፈለ እንቁላል ይሰበራል። ላባ ይረግፋል።

ይህ በአንድ ጎጆ ነው። በመቶዎች በሚቆጠሩ ጎጆዎች፣ በየበጋው፣ ለአሥርት ዓመታት አባዙት።

የወፍ ኩስ ነጭ የሆነበት ምክንያትም ከዚሁ ጋር ይያያዛል። እኛ በሽንት የምናስወግደውን የናይትሮጅን ትርፍ ወፎች በውኃ አሟሙተው አያስወጡትም፤ ውኃ ለመቆጠብ ዩሪክ አሲድ ወደሚባል ነጭ ልቁጥ ይለውጡትና ከዓይነ ምድራቸው ጋር አብሮ ይወጣል። በላቫው ስንጥቅ ውስጥ ያሉ ረቂቅ ተሕዋስያን ይህን ዩሪክ አሲድ ሰባብረው የተክል ሥር ሊስበው ወደሚችል መልክ ይቀይሩታል። የዶሮ ቤት ያጸዳ ሰው የሚያውቀው ያ ዓይን የሚያቃጥል ሽታ የዚህ ሥራ ምልክት ነው። ቅድም ያነሣነው የአየር ጎተራ እንደተቆለፈ ቀረ፤ እህሉ ከአየር ሳይሆን ከባሕር መጣ።

ከ1986 በኋላ ባሉት ዓመታት በጋሎቹ ሠፈር ውስጥ የሆነው ነገር በዓይን የሚታይ ነው። ቀድሞ በየቦታው ተበትነው ይጫጩ የነበሩት ተክሎች መሬቱን መሸፈን ጀመሩ። ሣሩ ወፍሮ ተያያዘ። ከአየር ላይ በተነሡ ፎቶዎች ሠፈሩ በጥቁር ጨርቅ ላይ እንደተጣፈ አረንጓዴ እራፊ ቁልጭ ብሎ ይታያል። ከሠፈሩ ወጣ ሲባል ላቫው እንደገና ጥቁር ነው። ዝናቡ አንድ ነው፣ ፀሐዩ አንድ ነው፣ ድንጋዩም አንድ ነው። ልዩነቱ ወፎቹ ብቻ ናቸው። አንድን ነገር በማስረጃ ማሳየት ከተባለ ከዚህ የበለጠ ንጹሕ ማስረጃ ተፈጥሮ ብዙ ጊዜ አትሰጥም።

ከሣሩ በኋላ ሌላው ተከተለ። የሣሩ ሥር ሞቶ ሲበሰብስ ቀጭን አፈር ተፈጠረ። በ1993 በዚያ አፈር ውስጥ የምድር ትል ተገኘ። ነፍሳት በዙ። በ1996 ደግሞ ነፍሳት እየለቀመች ጫጩቶቿን የምታሳድግ፣ ከባሕር ጋር ምንም ግንኙነት የሌላት ትንሽ የምድር ወፍ እዚያ ጎጆ ሠራች። በ2000ዎቹ መጀመሪያ ሣር የምትግጥ የዱር ዝይ ተጨመረች። ከላቫው መካከል ቁመታቸው አጭር የሆኑ የአኻያ ቁጥቋጦዎችም ታዩ። እስከ 2004 ድረስ 60 ሥርና ግንድ ያላቸው የዕፅዋት ዓይነቶች ተመዝግበው ነበር፤ ነፍሳትና ሌሎች አከርካሪ የሌላቸው እንስሳት 335 ዓይነት ደርሰዋል፤ ታይተው ከሚያውቁ ወፎች ደግሞ 89 ዓይነት ተቆጥረዋል፤ እርግጥ ከእነዚህ ብዙዎቹ አርፈው የሚያልፉ መንገደኞች ናቸው።

ዘሩንስ ማን አመጣው?

ወደ ቲማቲሙ እንመለስ። ዘር ወደ ደሴት የሚደርስባቸው ሦስት መንገዶች አሉ፦ ባሕር፣ ነፋስና ወፍ። መጀመሪያ ላይ ተመራማሪዎች ባሕሩ ዋናው ተሸካሚ ይሆናል ብለው ቢጠብቁ አይፈረድባቸውም፤ የመጀመሪያዋም ተክል የመጣችው በዚያ ነው። ለዓመታት ሲቆጠር ግን ወደ ሱርትሴይ ከደረሱት የዕፅዋት ዓይነቶች አራት እጅ ካልን ሦስቱን እጅ ያመጡት ወፎች ሆነው ተገኙ። ዘሩ በአንጀታቸው አልፎ፣ በላባቸው ተጣብቆ፣ በእግራቸው ጭቃ ተለጥፎ ወይም ለጎጆ ብለው በያዙት ሣር ውስጥ ተደብቆ ይመጣል።

ባሕሩና ነፋሱ ዘሩን የጣሉበት ቦታ አይታወቅም፤ ባዶ ድንጋይ ላይም ሊሆን ይችላል። ወፏ ግን ዘሩን የምትጥለው ራሷ በምትኖርበት፣ ኩሷ በተጠራቀመበት ቦታ ነው። ዘርና ማዳበሪያን በአንድ ጉዞ ታመጣለች። ከሰዎች ዘንድ በስህተት የሆነውን፣ ወፎች በየዕለቱ ይሠሩታል።

አይጥ ቢገባስ?

ሱርትሴይ ላይ አይጥ የለም፤ ቀበሮም የለም። ባይኖር ምን ይገርማል የሚል ካለ፣ ሌሎች ደሴቶች የደረሰባቸውን ማየት ይበቃል።

በሕንድ ውቅያኖስ ውስጥ በሚገኘው የቻጎስ ደሴቶች ክምችት አንዳንዶቹ ደሴቶች ላይ በ18ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጨረሻና በ19ኛው መጀመሪያ መርከቦች አይጥ ጥለዋል፤ አንዳንዶቹ ግን እስከ ዛሬ ነጻ ናቸው። በ2018 የታተመ ጥናት አይጥ ያለባቸውን ስድስት ደሴቶች አይጥ ከሌለባቸው ስድስት ጋር አወዳደረ። አይጥ በሌለባቸው ላይ የባሕር ወፎች ብዛት 760 እጥፍ ነበር። መሬቱ ላይ የሚወርደው ናይትሮጅን 251 እጥፍ ነበር። ነገሩ በዚህ አላበቃም። ዝናብ ኩሱን አጥቦ ጥቃቅን የባሕር እንስሳት ወደሚሠሩት ዓለት፣ ወደ ዳርቻው ኮራል፣ ይወስደዋል፤ በዚያም የሚኖሩት ዓሦች ጠቅላላ ክብደት አይጥ ባለባቸው ደሴቶች ካሉት በ48 ከመቶ ይበልጥ ነበር። ማለትም ወፎቹ ከሩቅ ባሕር ያመጡትን ለምድሩ ብቻ ሳይሆን ለቅርቡ ባሕርም መልሰው ይሰጣሉ። ጎጆ ውስጥ እንቁላል የሚበላ አንድ አይጥ፣ ውኃ ውስጥ ያለውን ዓሣ ያስርባል።

ይህ ጉዳት ሊመለስ ይችላል ወይ? ይችላል፤ ግን ርካሽም ቀላልም አይደለም። በአላስካ አጠገብ ከአሉሺያን ደሴቶች አንዷ በ18ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መርከብ ተሰብሮባት አይጥ ገባባት፤ ከዚያ ወዲህ ስሟ ራሱ «የአይጥ ደሴት» ሆነ። በ2008 ከሄሊኮፕተር መርዝ ተበተነባትና አይጦቹ ጠፉ። ወፎቹም መመለስ ጀመሩ። በዚያው ሂደት ግን የተመረዘ ሥጋ የበሉ ከ40 በላይ ራሰ ነጭ ንስሮችና በመቶ የሚቆጠሩ ሌሎች ወፎች ሞቱ። ይህን ሳይናገሩ ስለ ስኬቱ ብቻ መናገር ትክክል አይመስለኝም። በ2012 ደሴቷ ሃዋዳክስ የሚለው የቀደመ የአገሬው ስሟ ተመለሰላት።

አንዳንዱ ጉዳት ደግሞ ጨርሶ አይመለስም። ለዚህ ከሱርትሴይ ብዙም ሳንርቅ፣ እዚያው አይስላንድ ማየት እንችላለን። ትልቁ ኦክ የተባለ መብረር የማይችል፣ ቁመቱ ከሰው ጉልበት የሚያልፍ የባሕር ወፍ ነበር። ሥጋው፣ ላባውና ዘይቱ ስለሚፈለግ ሰዎች በየደሴቱ እየዞሩ ጨረሱት። በአይስላንድ የመጨረሻ መጠጊያው ማዕበል የሚበዛበት፣ ጀልባ በቀላሉ የማይቀርበው አንድ ዓለት ነበር። በ1830 ያ ዓለት በእሳተ ገሞራ ምክንያት ባሕር ውስጥ ሰጠመ። የተረፉት ወፎች ኤልዴይ ወደምትባል ትንሽ ደሴት ተሻገሩ። ኤልዴይ ግን ሰው ሊወጣባት የሚችል ነበረች። በጁን 1844 መጀመሪያ ላይ ሰዎች ወጥተው በአንድ እንቁላል ላይ ያገኟቸውን ጥንዶች ገደሉ። ከዚያ በኋላ በአይስላንድ አንድም ትልቅ ኦክ አልታየም፤ ዝርያው ከዓለም ጠፋ።

እሳተ ገሞራ አንዷን ደሴት ወሰደ፤ ወፎቹ ሌላ አገኙ፣ ተረፉ። ሰው ሲደርስባቸው ግን የሚሄዱበት አልነበረም። ሱርትሴይ ላይ ሰው እንዳይገባ የሚከለክለውን ሕግ ባሰብኩ ቁጥር እነዚያ ሁለት ወፎች ይታወሱኛል።

ይህ የድሮ ታሪክ ብቻ እንዳይመስል። በዓለም ዙሪያ ክትትል የሚደረግባቸው የባሕር ወፎች ብዛት ከ1950 እስከ 2010 ባሉት ዓመታት በ70 ከመቶ ገደማ እንደቀነሰ ተመራማሪዎች ገምተዋል። ምክንያቶቹ በርካታ ናቸው፤ ወፎቹ በሚመገቡበት ባሕር ከመጠን ያለፈ ዓሣ ማጥመድ፣ በረጅም መንጠቆ መስመሮች ተይዞ መሞት፣ ፕላስቲክ፣ የባሕሩ መሞቅ፣ ጎጆ ላይ ደግሞ አይጥና ድመት። ከእነዚህ ሁሉ በአንጻራዊነት ቶሎ ሊስተካከል የሚችለው የመጨረሻው ነው፤ ደሴት ወሰን አለው፤ አንድ ጊዜ ከጸዳ ሊጠበቅ ይችላል።

ደሴቷ እያነሰች ነው የሚባለው እውነት ነው?

እውነት ነው። በ1967 ከነበራት 2.65 ካሬ ኪሎ ሜትር ዛሬ ግማሹ እንኳ የላትም ማለት ይቻላል። በተለይ ከደቡብ ምዕራብ የሚመጣው የክረምት ማዕበል የላቫውን ጠርዝ ከሥር ይቦረቡረዋል፤ ከላይ ያለው ክፍል ድጋፍ ሲያጣ ቁራጭ ቁራጩ ወደ ባሕር ይወድቃል።

ግን ጨርሳ አትጠፋም፤ ቢያንስ ቶሎ አትጠፋም። በደሴቷ መካከል ያለው የአመድ ክምር ከውስጥ ባለው ሙቀትና በትኩስ ውኃ ምክንያት በጊዜ ሂደት ተጣብቆ ወደ ጠንካራ ዓለት ተለውጧል። እንደ ሸክላ ነው፦ ጭቃ ሳለ ውኃ ያፈርሰዋል፣ እሳት ካየ በኋላ ግን ይጸናል። ባሕሩ ዙሪያዋን በልቶ ሲጨርስ የሚቀረው ይህ ልብ ነው።

ይህም ለወፎቹ የራሱ ትርጉም አለው። ባሕሩ ቀድሞ የሚወስደው ጋሎቹ የሠፈሩበትን ዝቅ ያለውን የላቫ ሜዳ ነው። ሜዳው ሲጠብ ጋሎቹ እያነሱ ይሄዳሉ። ገደሉ ግን ይቀራል፤ ገደል የሚመርጡት እነ ፉልማርም ይቀራሉ። በ2004 ደግሞ ፓፊን የተባለው፣ ምንቃሩ በቀይና በቢጫ የተዥጎረጎረ ትንሽ ወፍ ለመጀመሪያ ጊዜ እዚያ ሲራባ ተገኝቷል።

የሱርትሴይን የወደፊት መልክ ለማየት የሚፈልግ ሰው ጎረቤቶቿን ይመልከት። ቬስትማናኤያር በተባለው በዚሁ የደሴቶች ክምችት ውስጥ በሺህ የሚቆጠር ዓመት ያስቆጠሩ ሌሎች የእሳተ ገሞራ ደሴቶች አሉ። ሜዳቸውን ባሕር ከወሰደው ቆይቷል፤ የቀሩት ዙሪያቸውን ገደል የሆኑ ትናንሽ ዓለቶች ናቸው። አናታቸው ላይ ግን ወፍራም ለምለም ሣር አለ። ከሣሩ ሥር አፈር አለ። በዚያ አፈር ውስጥ ፓፊኖች በምንቃራቸውና በእግራቸው ክንድ የሚያህል ጉድጓድ ይቆፍሩና መጨረሻው ላይ አንዲት ነጭ እንቁላል ይጥላሉ። የሚቆፍሩት አፈር ከእነሱ በፊት የነበሩ ወፎች ከባሕር ያመጡት ነው።